በዝግ ሂሳብ ያለውን የአባታቸውን የጉዳት ካሳ ለልጄ ሕክምና ማስለቀቅ እችላለሁ?

የሁለት ልጆች እናት | ነሐሴ 6፣ ከምሽቱ 3፡20

ሰላም ለዚህ ቤት። ጨንቆኝ ነው የምጽፈው።

ባለቤቴ ግንባታ ላይ ፎርማን ነበር። ከሁለት ዓመት በፊት ሥራ ላይ እያለ ከመወጣጫ ወድቆ አረፈ። መሥሪያ ቤቱ ለሠራተኞቹ የጉዳት ኢንሹራንስ ገብቶ ስለነበር የ5 ዓመት ደመወዙ ተከፈለ። ጉዳዩ ፍርድ ቤት ሄዶ የእኔ ድርሻ በእጄ ተሰጠኝ። የልጆቹ ግን በየስማቸው ዝግ ሂሳብ ተከፍቶ እዚያ ገባ። 18 ዓመት እስኪሞላቸው አይነካም ተባልኩ። ያኔ ደስ ነው ያለኝ። የእኔ ድርሻ በኪራይና በቀለብ አለቀ፣ የእነሱ ግን አለ እያልኩ እጽናና ነበር።

አሁን ትንሿ ልጄ 6 ዓመቷ ነው። ጆሮዋ መግል መያዝ ከጀመረ ቆየ። በጠብታ ስንገፋው ከረምን። ባለፈው ወር ሲቲ ስካን ተነሣች። ሐኪሙ ከጆሮዋ ጀርባ ያለውን አጥንት እየበላው ነው፣ ወደ ውስጥ ሳይዘልቅ ኦፕራሲዮን ትሁን አለኝ። በመንግሥት ሆስፒታል ወረፋው ወራት ይፈጃል። የግል ሆስፒታል የሰጠኝ ፕሮፎርማ 145,000 ብር ይላል። በእሷ ሂሳብ ውስጥ ከዚያ በላይ አለ። ደብተሩ እዚህ ጠረጴዛው ላይ ነው፣ እያየሁት ነው የምጽፈው።

ባንክ ሄጄ ለመንኩ። የመስኮቷ ልጅ ክፉ አይደለችም። "እናቴ፣ ይገባኛል፤ ግን ያለ ፍርድ ቤት ትእዛዝ አንድ ብር መንካት አልችልም" አለችኝ። ፍርድ ቤት ደግሞ ከነሐሴ 1 ጀምሮ ዝግ ነው አሉኝ። እስከ ጥቅምት ልጠብቅ? ያለፈበት ሰው ካለ በልጆቻችሁ ንገሩኝ።

ሰላም ይብዛ | ነሐሴ 6፣ ከምሽቱ 3፡41

እህቴ፣ እግዚአብሔር ይማርልሽ። እኔ ስለ ሕጉ አላውቅም። ግን ደብተሩን አስይዘሽ ከአንድ ሰው ብትበደሪና በኋላ ብትከፍዪስ?

በጥብቅና የኖርኩ | ነሐሴ 6፣ ከምሽቱ 4፡55

እህቴ፣ በመጀመሪያ ነፍስ ይማር። እንዲህ ዓይነት መዝገብ ብዙ ስለያዝኩ ዘርዘር አድርጌ ልጻፍልሽ።

ደብተሩን የማስያዙን ነገር ተዪው። የሠራተኛ ጉዳት ካሳ በሕግ አይያዝም፣ ለሌላ ሰውም አይተላለፍም። ገንዘቡ ደግሞ የልጅቷ ነው። በእሱ ተማምኖ የሚያበድርሽ ሰው ካለ አራጣ አበዳሪ ነው የሚሆነው። እዚያ ውስጥ አትግቢ።

እስከ ጥቅምትም አትጠብቂ። ፍርድ ቤት ከነሐሴ 1 እስከ መስከረም 30 እረፍት ላይ ነው ማለት በሩ ተቆልፏል ማለት አይደለም። ተረኛ ችሎት አለ፣ አስቸኳይ ጉዳይ ይሰማል። የልጅሽ ጉዳይ አስቸኳይ መሆኑን ግን ወረቀቱ ራሱ መናገር አለበት። ሐኪሙ ጋ ተመልሰሽ ሂጂና ጊዜ ይጻፍበት በዪው። "በዚህን ያህል ሳምንት ውስጥ ቀዶ ሕክምና ካልተደረገላት ይህ ይህ ጉዳት ያገኛታል" የሚል አንድ መስመር ከአምስት ገጽ ልመና ይበልጣል።

አዲስ ክስ አትከፍቺም። ገንዘቡ ይዘጋ ብሎ ያዘዘ መዝገብ አለ። በዚያው ላይ "መዝገቡ ይንቀሳቀስልኝ" ብለሽ ነው የምታመለክቺው። ቁጥሩ ከጠፋብሽ ለባንኩ የተጻፈው ደብዳቤ ላይ አለ፤ ለምኚና ገልብጪው።

አሁን ብዙ ሰው የሚወድቅበት ቦታ ላይ ደረስን። "ገንዘቡ ይለቀቅልኝ" ብለሽ አትጠይቂ። "ለኑሮ ተቸግሬያለሁ" ብለሽም አትጀምሪ፣ እውነት ቢሆንም። ከዳኛው ፊት የቆምሽው አንቺ ብትሆኚም እሱ የሚያስበው እዚያ ስለሌለችው ልጅ ነው። ከ12 ዓመት በኋላ መጥታ "ገንዘቤ የት ገባ?" ብትል መልሱ መዝገቡ ውስጥ መገኘት አለበት። ሕገ መንግሥቱም በአንቀጽ 36 ፍርድ ቤት ስለ ሕፃናት ሲወስን የሕፃኑን ደኅንነት እንዲያስቀድም ያዛል። ስለዚህ አንድ የተቆረጠ ነገር ጠይቂ። ከዚህ ሂሳብ ላይ፣ 145,000 ብር፣ ለዚህ ሆስፒታል፣ ለዚህ ቀዶ ሕክምና፣ በሆስፒታሉ ስም በሲፒኦ፣ ማለትም ባንኩ በሚሠራው የክፍያ ማዘዣ፣ ይከፈል። የቀረው እንደተዘጋ ይቆይ። ይህችን የመጨረሻዋን መስመር አትርሺ፤ ብሩ በአንቺ እጅ እንደማያልፍ ሲያይ ዳኛው ልቡ ያርፋል። እንዲህ ተጠይቆ የተከለከለ መዝገብ እኔ አልገጠመኝም።

ከማመልከቻው ጋር የልደት የምስክር ወረቀቷን፣ የባለቤትሽን የሞት ማስረጃ፣ የሐኪሙን ወረቀት፣ ፕሮፎርማውን፣ የደብተሩን ኮፒና ቃለ መሐላሽን አያይዢ። የመንግሥት ሆስፒታሉን የወረፋ ቀጠሮ ወረቀትም ጨምሪበት። "ለምን እዚያ አትታከምም?" የሚለው ጥያቄ መምጣቱ አይቀርም።

ስለ ሞግዚትነት ደግሞ፦ በቤተሰብ ሕጉ፣ በአዋጅ ቁጥር 213/1992፣ ከወላጆች አንዱ ሲሞት በሕይወት ያለው ብቻውን አሳዳሪና ሞግዚት ይሆናል። ባንኮች ግን ወረቀቱን ማየት ይፈልጋሉ። በፊተኛው መዝገብ ላይ ሞግዚትነትሽ ተረጋግጦ ከሆነ የውሳኔውን ግልባጭ ያዢ። ካልሆነ በዚሁ ማመልከቻ አብሮ ይጠየቅ።

የሁለት ልጆች እናት | ነሐሴ 6፣ ከምሽቱ 5፡10

ጋሼ፣ ዕድሜ ይስጥልኝ። አለቀስኩ። የሞግዚትነት ወረቀቱ አለኝ። አንድ ነገር ልጠይቅዎት። ከኦፕራሲዮኑ በኋላ መድኃኒትና ክትትል አለ ብለውኛል። የእሷ ካልበቃ ከወንድሟ ሂሳብ ትንሽ መጨመር ይቻላል? 11 ዓመቱ ነው፣ ራሱ "ከእኔ ስጧት" እያለ ነው።

በጥብቅና የኖርኩ | ነሐሴ 6፣ ከምሽቱ 5፡32

ልጅሽ ይባረክ። ግን አይቻልም፣ አትጠይቂውም። የእሱ የእሱ ነው፣ የእሷ የእሷ። ሁለቱን ከደባለቅሽ ንጹሑ ጥያቄሽም ይደፈርሳል። የክትትሉን ወጪ አሁኑኑ ሐኪሙ ግምቱን ይጻፍልሽና ከእሷው ሂሳብ አብረሽ ጠይቂ። ሁለት ጊዜ ከመመላለስ ያድንሻል።

እሳቱ ሰ | ነሐሴ 7፣ ከጠዋቱ 1፡15

እናቴ፣ ይህን ሳትሰሚ ከቤት እንዳትወጪ። እኔን ሦስት ሳምንት ያቃጠለኝ ነገር ነው።

የወንድሜን ልጅ የማሳድገው እኔ ነኝ። ለትምህርት ቤቱ ክፍያ እንዲለቀቅ ትእዛዝ አገኘሁ። ሰማያዊው ማኅተም ያለበትን ወረቀት ይዤ ደስ እያለኝ ባንክ ገባሁ። የመስኮቱ ሠራተኛ ወረቀቱን አየ፣ ኮምፒውተሩን አየ፣ እንደገና ወረቀቱን አየ። "ስሙ አይገጥምም" አለኝ። የልጁ ስም በልደት የምስክር ወረቀቱ ላይ በእሳቱ "ሰ" ነው። የፍርድ ቤቱ ጸሐፊ በንጉሡ "ሠ" ጽፎታል። ሲነበብ አንድ ነው፣ ባንክ ግን አያነብም፣ ያመሳክራል። የአያቱ ስም ደግሞ በእንግሊዝኛው አንድ ፊደል ጎድሎታል። ለእርማት እንደገና ማመልከቻ፣ እንደገና ቀጠሮ።

ስለዚህ ማመልከቻውን ከማስገባትሽ በፊት አራቱን ወረቀት ጎን ለጎን ዘርጊያቸው። ደብተሩ፣ የልደት ወረቀቱ፣ የድሮው ትእዛዝ፣ አዲሱ ማመልከቻ። ሐመሩን "ሐ" ከሃሌታው "ሀ" እየለየሽ በጣትሽ እየተከተልሽ አንብቢ። ትእዛዙም ሲጻፍ ከመዝገብ ቤት ሳትወጪ እዚያው ቆመሽ አንብቢው።

ከመስኮቱ ወዲያ | ነሐሴ 7፣ ከጠዋቱ 2፡40

ባንክ ውስጥ ነው የምሠራው። እሳቱ ሰ የጻፈው ልክ ነው፣ እኛም ደስ ብሎን አይደለም። ዝግ ሂሳብ ሲስተሙ ላይ ታግዶ ነው የሚቀመጥ። የቅርንጫፍ ሥራ አስኪያጅም በራሱ ቢከፍተው የሚጠየቀው እሱ ነው።

ከእኛ በኩል የሚያጓትተው ግልጽ ያልሆነ ትእዛዝ ነው። "ለሕክምና የሚያስፈልገው ይከፈላት" የሚል ደብዳቤ ሲመጣ ስንት ብር? ለማን? ከየትኛው ሂሳብ? ብለን መልሰን መጻፍ አለብን። የሂሳብ ቁጥሩ፣ ብሩ በአኃዝና በፊደል፣ የተቀባዩ ስም ሙሉውን፣ የቀረው እንደታገደ እንዲቆይ፤ እነዚህ ካሉበት ሥራው ቀላል ነው። ደብዳቤው ከፍርድ ቤቱ መምጣቱን ስለምናረጋግጥ ጥቂት ጊዜ ሊወስድ ይችላል። ትእዛዙ ባለበት ቀን ጠዋት ነይ፣ አርብ ከሰዓት አትምጪ።

በያጁ | ነሐሴ 7፣ ከቀኑ 6፡05

እኔ ግን የምለው አለኝ። እናት በገዛ ልጇ ገንዘብ ለምን ትለማመጣለች? እኔ ራሴ ማሽን ሁለት ጣቴን ወስዶብኛል። ካሳዬን በእጄ ተቀበልኩ፣ ማንም አልዘጋብኝም። የሟች ወንድሜ ልጆች ገንዘብ ግን ከ2009 ጀምሮ ዝግ ሂሳብ ውስጥ ነው። ያኔ አንድ ክፍል ቤት ይሠራ ነበር። ብሔራዊ ባንክ በ2010 ዝቅተኛውን የቁጠባ ወለድ ከ5 ወደ 7 በመቶ አሳደገ ተባለ። እሺ። በ2014 የዋጋ ንረቱ ከ30 በመቶ በላይ ነበር። በሐምሌ 2016 ምንዛሪው ሲለቀቅ ዶላር ከ57 ብር ተነሥቶ በሳምንታት ውስጥ ከ100 አለፈ። ልጆቹ 18 ሲሞላቸው የሚወጣው ብር ምን ይገዛል? ተጠበቀላቸው ይባላል፣ እኔ ግን በየዓመቱ ሲያልቅ ነው የማየው።

አጎቱ ያሳደገው | ነሐሴ 7፣ ከምሽቱ 1፡30

በያጁ ወንድሜ፣ ብሶትህ እውነት ነው። እኔ ግን በሌላኛው በኩል የነበርኩ ልጅ ነኝ፣ ስለዚህ ስማኝ።

አባቴ ሲሞት 5 ዓመቴ ነበር። ካሳው ተከፍሎ ሂሳቡ ሳይዘጋ አጎቴ በሞግዚትነት ያዘው። ክፉ ሰው አልነበረም። ለመኪና ንግድ አወጣው፣ አትርፌ እመልሳለሁ ብሎ። ንግዱ ከሰረ። 18 ሲሞላኝ ደብተሩን ሰጠኝ። ብርቅ ነገር መስሎኝ በፕላስቲክ ተጠቅልሎ የኖረ ደብተር ነው። ገለጥኩት። የመጨረሻው መስመር 312 ብር ከ40 ሳንቲም ይላል። እስከ ዛሬ አለኝ፣ አልጣልኩትም። ዩኒቨርሲቲ ስገባ ጫማ የገዛልኝ ጎረቤት ነው። አጎቴን ዛሬም ቀና ብዬ ማየት ይከብደኛል፣ እሱም እኔን።

ዋጋው ቢወርድም የሆነ ነገር ቢጠብቀኝ እመርጥ ነበር።

በጥብቅና የኖርኩ | ነሐሴ 7፣ ከምሽቱ 2፡50

አጎቱ ያሳደገው፣ ስላካፈልከን አመሰግናለሁ። ዳኞች የሚፈሩት ይህንኑ ነው።

በያጁ፣ ያነሣኸው ግን መልስ ያለው ነገር ነው፤ ብዙ ሞግዚት ስለማይጠይቅ ብቻ ነው የሚቀረው። ዝግ ማለት በተራ ቁጠባ ውስጥ ተጥሎ ይኑር ማለት አይደለም። የሞግዚት ሥራ ገንዘቡን መጠበቅ ብቻ ሳይሆን እንዲያፈራ ማድረግም ነው። በዚያው መዝገብ ላይ አመልክቶ "እንደታገደ ሆኖ በጊዜ ገደብ ተቀማጭ ይዙርልኝ" ማለት ይቻላል። የጊዜ ገደብ ወለድ ከቁጠባው የተሻለ ነው፣ በድርድርም ይጨምራል። ቃል ከመግባትህ በፊት ግን አንድ ነገር አስብ። ልጁ በቅርቡ ሊታከም ወይም ትምህርት ቤት ሊከፈልለት ከሆነ ሁሉንም አታስረው። ከፍለህ አስቀምጥ፣ ግማሹ በ6 ወር፣ ግማሹ በዓመት።

የወንድምህ ልጆች እናት ይህን ታድርግ። ስምህ መዝገቡ ላይ ከሌለ አንተ ማመልከት አትችልም፣ ግን አብረሃት መሄድ ትችላለህ።

የሰው ኃይል ሠራተኛዋ | ነሐሴ 8፣ ከጠዋቱ 4፡00

ጣልቃ ልግባና አንድ ነገር ልጨምር፣ በሥራዬ ስለማየው። ሟች ዕዳ ነበረበት ተብሎ አበዳሪዎች ቤተሰቡን የሚያስፈራሩበት ጊዜ አለ። "ካሳውን እናስይዛለን" ይላሉ። በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 828 መሠረት በሞቱ ምክንያት ለዘመድ ወይም ለትዳር ጓደኛ የሚከፈል ካሳ ከውርስ ንብረት አይቆጠርም። የሟች ዕዳ የሚከፈለው ከውርሱ ነው። ልጆቹ በካሳው ላይ ያላቸው መብት የራሳቸው ነው፣ ከአባታቸው የወረሱት አይደለም።

ደግሞ የጡረታውን ነገር ጠይቂ። ባለቤትሽ የጡረታ መዋጮ ይቆረጥበት ከነበረ የልጆቹን አበል ከካሳው ለይተሽ ተከታተዪ። አንዱን አግኝተናል ብለው ሌላውን ሳይጠይቁ የሚቀሩ አሉ፣ ያሳዝነኛል።

ሰላም ይብዛ | ነሐሴ 8፣ ከጠዋቱ 4፡22

ስለ ደብተሩ የሰጠሁት ምክር ስህተት ነበር፣ ይቅርታ እህቴ። ጠበቃ መግዛት ለማትችይ ከሆነ የኢትዮጵያ ሴቶች ሕግ ባለሙያዎች ማኅበር ነፃ የሕግ ድጋፍ ይሰጣል። የዩኒቨርሲቲ የሕግ ትምህርት ቤቶችም ነፃ የሕግ ድጋፍ ማዕከል አላቸው። ማመልከቻውን ይጽፉልሻል። ለዳኝነት ክፍያ አቅም ከሌለ በደሃ ደንብ መጠየቅም አለ።

የሁለት ልጆች እናት | ነሐሴ 14፣ ከምሽቱ 2፡10

ዝም ያልኩት እየተሯሯጥኩ ነው። የደረስኩበትን ልንገራችሁ።

ሐኪሙ ወረቀቱን እንደገና ጻፈልኝ። "ከ3 ሳምንት ባያልፍ" ብሎ አሰመረበት። ማመልከቻውን ነፃ ድጋፍ የምትሰጥ አንዲት ልጅ ጻፈችልኝ፣ አንድ ገጽ ተኩል ብቻ። አራቱን ወረቀት ምንጣፍ ላይ ዘርግቼ በጣቴ አነበብኩ። እሳቱ ሰ፣ እግዚአብሔር ይስጥህ፤ የባለቤቴ ስም በድሮው ትእዛዝ ላይ በብዙኃኑ "ኀ" ነው፣ በልደት ወረቀቷ ላይ በሐመሩ። በማመልከቻው ላይ "ሁለቱም አንድ ሰው ናቸው" የሚል አስገባችልኝ።

ተረኛ ችሎት ፊት ትናንት ቀረብኩ። እግሬ ይንቀጠቀጥ ነበር። ዳኛዋ ሁለት ጥያቄ ብቻ ጠየቀችኝ። "መንግሥት ሆስፒታል ለምን አልሆነም?" አለች። የቀጠሮ ወረቀቱን አሳየሁ፣ የጥር ወር ነው። ከዚያ "ብሩ ለማን ይከፈላል?" አለች። ለሆስፒታሉ አልኳት። ቀና ብላ አየችኝና መጻፍ ጀመረች። ለቀዶ ሕክምናውም ለክትትሉም ፈቀደች። ክትትሉ ግን ደረሰኝ እየቀረበ በየጊዜው እንዲከፈል ነው።

ከመስኮቱ ወዲያ | ነሐሴ 14፣ ከምሽቱ 2፡25

እልልል! ለክትትሉ የተጻፈውን በደንብ አንብቢው። ደረሰኙ መጀመሪያ ፍርድ ቤት ነው ወይስ ቀጥታ ባንክ የሚቀርበው? ካልተጻፈ ነገ ጠዋት ሄደሽ አስጨምሪ።

የሁለት ልጆች እናት | ነሐሴ 14፣ ከምሽቱ 2፡40

አየሁት። "በፍርድ ቤቱ በኩል" ይላል።

አዲስ ገቢ | ነሐሴ 19፣ ከጠዋቱ 3፡00

ይህን ክር አሁን ነው ያየሁት። የእህቴ ልጅ ካሳ ዝግ ሂሳብ ውስጥ ነው፣ ለመስከረም የትምህርት ቤት ምዝገባ ፈልገን ነበር። ይሄ እንደ አስቸኳይ ይቆጠራል?

በጥብቅና የኖርኩ | ነሐሴ 19፣ ከጠዋቱ 5፡15

እንደ ሕክምናው አይደለም፣ ተረኛ ችሎቱ "በጥቅምት ይቅረብ" ሊል ይችላል። የምዝገባው መዝጊያ ቀን ያለበት የትምህርት ቤቱን ደብዳቤ ይዛችሁ ሞክሩ። የልጁ ቦታ የሚያልፈው ከሆነ ደብዳቤው ይህን ይግለጽ። ለሚመጣው ዓመት ግን በግንቦት አመልክቱ። ፍርድ ቤቱ ከመዘጋቱ በፊት ትእዛዙ በእጃችሁ ይገባል። አንዴ ሲፈቀድ የየዓመቱን ክፍያ እስከ 8ኛ ክፍል አጠቃሎ እንዲያዝዝ መጠየቅ ይቻላል።

የሁለት ልጆች እናት | ነሐሴ 27፣ ከምሽቱ 4፡30

ኦፕራሲዮኑ ትናንት ተደረገ። ሐኪሙ በጊዜ ደርሳችኋል አለ፣ አጥንቱ ውስጥ የነበረውን አጽድተው አውጥተውታል። የመስማቷ ነገር ከሁለት ወር በኋላ ይለካል።

ሲፒኦውን ባንክ ስቀበል እጄ ላይ ትንሽ ወረቀት ነበር። የሆስፒታሉ ስም፣ ብሩ፣ ከታች ደግሞ "ከሕፃን" ብሎ የልጄ ስም እስከ አባቷ። የአባቷን ስም እዚያ ላይ ሳየው ጉልበቴ ከዳኝ፣ ወንበር አመጡልኝ።

አሁን ተኝታለች፣ ግማሽ ራሷ በፋሻ ተጠቅልሎ። ቅድም ስትነቃ "ማነው የከፈለልኝ?" አለችኝ። አባትሽ አልኳት።

የመድኃኒቱን ደረሰኝ ሰኞ ጠዋት መዝገብ ቤት አስገባለሁ።